መስመር ላይ የቆመ ፈረስ

እኛ ዘንድ ለአገሩ ሊወዳደር ባሕር ማዶ የተሻገረ ሰው ሁሉ ሮጦ የሚመጣ ይመስለናል። ሩጫ ካልሆነ ኳስ ነው፤ ከሁለቱ ሌላ የለም። «ለአገሬ ተቀምጬ መጣሁ» የሚል ሰው ቢያጋጥማችሁ ምን ትሉት ነበር? እውነቱን ተናገሩ። የቼዝ ተጫዋች ማለት ግን ይኸው ነው፤ አራት አምስት ሰዓት ወንበር ላይ ተተክሎ፣ አንዲት ቃል ሳይተነፍስ፣ ግንባሩን በሁለት እጁ ደግፎ ለአገሩ የሚቀመጥ ሰው። ወገቡ ይቆረጣል፣ ዓይኑ ይቀላል፣ ከተማ ከተማውን ዞሮ ከሆቴልና ከአዳራሽ በቀር ያየው ነገር አይኖርም። ሲሸነፍ ደግሞ «እግሬን ወለም ብሎኝ ነው» ብሎ የሚያመካኝበት እግር የለውም። የተሸነፈው በጭንቅላቱ ነው። ይህን ለዘመድ አስረዱ እስቲ።

እንድሪስ ይህን ኑሮ መርጧል። መርሳ ላይ፣ ከደሴ ወደ ወልድያ በሚያልፈው አስፋልት ዳር ጎማ ሲለጥፍ የሚውል፣ ሠላሳን የተሻገረ ጎሚስታ ነው። እኔ ወልድያ የመኪና መለዋወጫ እሸጣለሁ። ለባለቤቴ «ለዕቃ መርሳ ደርሼ ልምጣ» እላታለሁ እንጂ የምሄደው ለቼዝ ነው። እሷም ታውቃለች፤ አንድም ቀን ዕቃ ይዤ ተመልሼ አላውቅማ።

ለእንድሪስ ቼዝን ያስተማሩት ጋሽ ታደሰ ናቸው። ጡረታ የወጡ የከባድ መኪና ሹፌር ናቸው፤ ድሮ ወደብ ላይ ጭነት ሲጠብቁ ከመርከበኞች ነው የተማሩት። ዛሬ እንድሪስ እያፈራረቀ ያሸንፋቸዋል። እርሳቸው ግን እስካሁን «ይህ ጀማሪ» ነው የሚሉት። በአሮጌ ጎማ ላይ ሳንቃ ተጋድሞ፣ በሳንቃው ላይ ሰሌዳው ተዘርግቶ፣ ሁለቱ ከሰዓት በኋላቸውን እዚያ ይጨርሳሉ፤ ባለጎማው ደግሞ ቆሞ ይጠብቃል።

እንዲህ እንዲህ እያለ እንድሪስ አዲስ አበባ ወርዶ ማጣሪያውን አለፈና ለአገሩ ሊቀመጥ ባሕር ተሻገረ። የሄደው ለአንድ ነገር ነው፤ ለማዕረግ። በቼዝ ዓለም ማዕረግ ከስም በፊት የምትጻፍ ትንሽ ነገር ናት፤ አንዴ ካገኟት ግን የዕድሜ ልክ ናት። በየአገሩ ለውድድር ታስጠራለች፣ ለሌላው አስተምሮ ለመኖር ታበቃለች። ጎማ ሲፈታ ጀርባው ለተቆረጠ ሰው ይህ ቀልድ አይደለም። የመጨረሻዋ ጨዋታ ስትደርስ ነገሩ ግልጽ ነበር፤ ካሸነፈ ማዕረጉን ያገኛል፣ ካላሸነፈ ወደ ጎማው።

በዚያ ቀን ሁላችንም ጎሚስታው ቤት ደጃፍ ተሰብስበናል። ስልኩን የያዝኩት እኔ ነኝ። ምስል የለውም፤ የሚታየው የሰሌዳው ሥዕልና የተጫወቱት ጠጠር ብቻ ነው። እንድሪስ እያሸነፈ ነበር። እኔ እንኳ ገባኝ፣ ከዚህ በላይ ማስረጃ አትጠይቁኝ። ባላጋራው ፈረሱን አንቀሳቀሰ። ጠበቅን። ከዚያ የእንድሪስ ንግሥት ሄዳ ፈረሱን በላችው።

«ስልክህ ተበላሽቷል!» አሉ ጋሽ ታደሰ።

ስልኬ ደህና ነበር። ፈረሱን ከኋላው ወታደር እየጠበቀው ነው። ንግሥት በሰሌዳው ላይ ያለች ጉልበት ሁሉ ናት፤ እሷን ለፈረስ መስጠት ሙሉ ከባድ መኪና አስረክቦ አንድ ጎማ እንደ መቀበል ነው። ወታደሩ ንግሥቲቱን በላት። ትንሽ ቆይቶ እንድሪስ ተሸነፈ።  ጋሽ ታደሰ ማንንም ሳይሰናበቱ ተነሥተው ሄዱ።

ሲመለስ መርሳ እንደ ወጉ ተቀበለው። «እንኳን በሰላም መጣህ! ስንት ኪሎ ሜትር ነበር?» አለው አንዱ። እንድሪስ ሦስት ቀን ሰሌዳ አልዘረጋም፤ ቼዝ የሚባል ነገር እንዳይነሣበትም ለመነን። በአራተኛው ቀን ጋሽ ታደሰ ፊቱ ቁጭ አሉና «በል ንገረኝ። ያቺን ንግሥት ምን ነክቶህ ሰጠሃት?» አሉት።

«ወላሂ ጋሼ፣ አውቄ አይደለም» አለ። «ባላጋራዬ ሽማግሌ ናቸው፤ እርስዎን ያካክላሉ። ፈረሳቸውን ሲያስቀምጡት እጃቸው ተንቀጠቀጠና ከሳጥኑ ወጥቶ መስመር ላይ ቆመ። እኔም ሳላስበው ወደ ሳጥኑ መለስ አደረግኩላቸው።»

«እና?»

«እና ነካኋ! የራስን ጠጠር ከነኩ ማንቀሳቀስ፣ የሰውን ከነኩ ደግሞ መብላት ግድ ነው። ‹ላስተካክል› ብለው ከሆነ የነኩት ምንም የለው። እኔ መች አልኩ። ያንን ፈረስ መብላት የምትችለው ደግሞ ንግሥቴ ብቻ ነበረች። ሽማግሌው ዳኛ ጠሩ።»

«ምን ዓይነት ጨካኝ ነው!» አልኩ እኔ።

«ኧረ እንዲህ አይበሏቸው። በዚያ ዕድሜያቸው ሻንጣ እየጎተቱ ካገር አገር የሚዞሩት ለዚችው ነጥብ ነው። እንጀራቸው እኮ ነው።» ማዕረጉን የነጠቁትን ሰውዬ እንኳ አንቱ ማለት አልተወም።

 ሁላችንም ዞረን የጋሽ ታደሰን እጅ አየን። ጋሽ ታደሰ እጃቸው መንቀጥቀጥ ከጀመረ ዓመታት አልፈዋል። ጠጠራቸውን ሁሌ መስመር ላይ ያቆሙታል፤ እንድሪስም ሁሌ፣ አንድም ቀን ሳይናገር፣ በጣቱ ገፋ አድርጎ ወደ ሳጥኑ ይመልስላቸዋል። ታላቅ ሰው ያዛነፈውን ታናሽ አቃንቶ ዝም ማለት እኛ ዘንድ የተለመደ ነው፤ ዳኛ የሚጠራበት ጉዳይ አይደለም። ጋሽ ታደሰ እጃቸውን አዩት፤ ጋቢያቸው ውስጥ ከተቱት። በጣም አሳዘኑኝ።

በማግስቱ ስደርስ ሰሌዳው ተዘርግቷል። ጋሽ ታደሰ ፈረሳቸውን አንሥተው ሆን ብለው መስመር ላይ አቆሙት። የእንድሪስ ጣት ሄደችና አቃናችው።

«ነካህ!» ብለው ጮኹ። «ብላው!»

«ጋሼ?»

«ብላው አልኩህ። እዚያ ከሚያስለቅሱህ እኔ እዚሁ ላስለቅስህ!»

በላው። ንግሥቱ ሄደች። በሁለተኛው ጨዋታም፣ በሦስተኛውም እንዲሁ። በጋሽ ታደሰ ቤት ሥልጠና መሆኑ ነው፤ ቀጣዩ ማጣሪያ ሳይደርስ ያንን የእጅ ልማዱን ሊያስጥሉት። እንድሪስ «ላስተካክል» ማለቱን ያውቃል፣ ግን «እጄ ከአፌ ይቀድማል» ይላል። ስንት ንግሥት እንዳለቀ መቁጠሩን ትቼዋለሁ። አንድ ወር ሙሉ ጋሽ ታደሰ አንዲቷን እንኳ አልማሩለትም።

ባለፈው ሳምንት ግን ጨዋታው ከወትሮው የተለየ ነበር። እንድሪስ እንዲያ ሲጫወት አይቼ አላውቅም፤ ሰሌዳው ላይ ተደፍቶ ጎማ ያመጣውን ሹፌር ጥሪ እንኳ አልሰማም። ጋሽ ታደሰም አልቆላቸዋል። ፈረሳቸውን አነሡ፣ እጃቸው ተንቀጠቀጠ፣ ፈረሱ መስመር ላይ ቆመ። ይህን ጊዜ አውቀው አልነበረም። እንድሪስም እንደ ልማዱ አቃናላቸው፤ ወዲያው ደነገጠ፤ ንግሥቱን አንሥቶ ፈረሱን በላ፤ አንገቱንም ደፋ።

ጋሽ ታደሰ ንግሥቲቱን ሊበሉ ወታደራቸውን ያዙ። ያዝ አድርገው የእንድሪስን አንገት አዩት።  ከዚያ ወታደሩን ቀስ ብለው ለቀቁና በሌላው ጥግ የቆመውን ንጉሣቸውን አንድ ሳጥን አንቀሳቀሱ።

«ጋሼ፣ ወታደሩን ነክተዋል እኮ!» አልኩ እኔ፣ ሕግ አክባሪው።

«አልነካሁም» አሉ።

ጋሽ ታደሰ ሲዋሹ ሰምቼ የማውቀው ያን ቀን ብቻ ነው።