የበራሶ አጥር

ሲያዙት ብረት፣ ሲለምኑት ቅቤ የሚሆን ሰው አጋጥሟችሁ ያውቃል? በጃንሆይ ዘመን የዲላው ጎረቤቴ በራሶ እንዲያ ነበር። ትዕቢት ነው አትበሉ፤ አፈጣጠር ነው። በራሶ፣ ዱካለ የተባለ ጎረቤታችን ወደ ምንጭ የሚወርድበትን መንገድ አጠረበት። ፍርድ ቤት «ክፈት» ቢለው እምቢ አለ፤ «እስክትከፍት ትታሰራለህ» ተባለና ታሰረ። አጥሩ ግን እንደቆመ ነው። ውሃ የቸገረው ዱካለ ሽማግሌዎች ይዞ እስር ቤት ሄደና «ወንድሜ፣ እባክህ!» አለው።

ረቺ ተረቺን ሲለምን አይታችኋል? በራሶ ያንኑ ቀን ዘመዶቹን ልኮ አጥሩን አስፈረሰ።

መዝገቡ በእርቅ እንዲዘጋ ሁለቱ ፍርድ ቤት ሲቀርቡ ዳኛው በራሶን፣ «እኔን ለምን እምቢ አልከኝ?» አሉት።

«ጌታዬ፣ እርስዎ አዘዙኝ፤ እሱ ለመነኝ።»

«በል፣ ተፈትተሃል፤ ውጣ!»

በራሶ ንቅንቅ አላለም። ዳኛው መነጽራቸውን አውልቀው፣ «እባክህ ወንድሜ፣ ውጣልን» አሉ።