ሻይ ሲጣድ የሚያልፍ ስም

በየሰፈሩ ሥራው ምን እንደሆነ ሁሉም የሚያውቀው፣ ግን ለማንም የማይገባ አንድ ሰው አይጠፋም። እንግሊዝ አገር ላለነው ለእኛ ለኦልድሃም ከተማ ሰዎች የደረሱን ክቡር ሚስተር ሲሪል አስፒናል ናቸው። ሃያ ዓመት ሙሉ የቴሌቪዥን ድራማ ጽፈው ዳቦ ሻጩ እንኳ የማያውቃቸው ደራሲ!

«የሐሙሱን ድራማ እኮ የምጽፈው እኔ ነኝ» ይላሉ።

«ምኑን ነው የምትጽፈው?» ትላለች ጎረቤታችን እትዬ ዶሪን።

«የሚናገሩትን ነዋ።»

«ሰዎቹ ራሳቸው አይደሉ እንዴ የሚያወሩት? አፍ አላቸው እኮ፣ ሲሪልዬ!»

እኔም ብሆን ግራ እንደገባኝ ነው የኖርኩት። አንድ ቀን አጥሬን ተደግፈው «ማርጋሬት ጥላኝ ሄደች» ብለው እንባቸውን ሲጠርጉ አንጀቴን በሉት። የሥጋ ፓይ ጋግሬ ወሰድኩላቸው። ሐሙስ ማታ ቴሌቪዥን ስከፍት ማርጋሬት የምትባል ሴት ሻንጣዋን አንጠልጥላ ባሏን ጥላው ትሄዳለች። ለካ ክቡርነታቸው ንግግሩን እየሞከሩብኝ ኖሯል! ላጤ መሆናቸውን እንኳ አስረስተውኛል። ፓይዋን ግን ጥርግ አድርገው በልተዋታል።

ዓርብ ዓርብ ጥያቄያቸው አንድ ናት፤ «ስሜን አያችሁልኝ?»

ማን ይይላቸው? ስማቸው የሚመጣው በመጨረሻው ሙዚቃ ነው። በእኛ አገር ደግሞ ያ ሙዚቃ ሲጀምር ሕዝቡ በአንድነት ተነስቶ ሻይ ይጥዳል። የሲሪል ስም ሃያ ዓመት ሙሉ ለባዶ ወንበር ሲነበብ ኖረ።

ባለፈው ጸደይ ድራማው ሊቆም ሆነ። ክቡርነታቸው ቤት ለቤት ዞሩ። «የመጨረሻዋ ናት። እባካችሁ፣ አንዴ ብቻ ቁጭ ብላችሁ እዩልኝ።» ድምፃቸው ተንቀጠቀጠ፤ ይኼም ሙከራ ይሁን እውነት መለየት አቃተኝ።

ሰፈሩ ከነክቡርነታቸው እኔ ቤት ተሰበሰበ። ሻዩ አስቀድሞ ፈልቷል። ሙዚቃው ጀመረ፤ ማንም ንቅንቅ አላለም። እትዬ ዶሪን እግሯ ሻይ ልጣድ ብሎ እንዳይነሳባት ጉልበቷን በሁለት እጇ ይዛለች። መጣ! «ደራሲ፦ ሲሪል አስፒናል።» አጨብጭበን ዞር ስንል ወንበራቸው ባዶ ነው።

ከወጥ ቤት የውኃ ድምፅ ተሰማ። የሻይ ማንቆርቆሪያውን ይዘው ብቅ አሉ።

«ሙዚቃውን ስሰማ እግሬ ወሰደኝ። አለፈ እንዴ?»

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል፤ ስምም ሳይሆን አይቀርም።

«አየንልህ፣ ሙሉውን» አለች እትዬ ዶሪን ማንቆርቆሪያውን እየተቀበለቻቸው። ከዚያ ግን ፊቷ ድንገት ጨለመ። «ቆይ፣ ሲሪልዬ፣ ለሰዎቹ ታዲያ ከእንግዲህ የሚናገሩትን ማን ሊጽፍላቸው ነው?»

የሰው አፍ ሲሞሉ የኖሩት ሰውዬ የራሳቸውን አፍ በሻይ ሞሉ። እኔም ፓይ ቆረስኩላቸው። ይችኛዋን የጋገርኳት ማንም ጥሏቸው ሳይሄድ ነው።