የሚያለቅሰው እንሰት

የወርቅውሃ እንሰት ያለቅሳል አሉ።

ወሬው የተነሳው ጉብሬ ነው። ወልቂጤ ሲደርስ እንሰቱ ስም እየጠራ ያለቅስ ነበር፤ ቡታጅራ ሲገባ ደግሞ ሙሾ ያወርዳል ተባለ። "በዚህ በጆሮዬ ሰማሁ" ባዩ አበራ ስለሆነ ማመን ይከብዳል። አበራ ማለት አምና ዋቤ ወንዝ ውስጥ ዓሣ ነባሪ ያየ ሰው ነው።

ወርቅውሃ ግን ማንንም አልጠየቀችም። ጓሮዋ ውስጥ ጉድ ከተሰማ የማን እጅ እንዳለበት ታውቃለች፤ የወንድሟ ልጅ የኪዱ።

በየከተማው አንድ ኪዱ አይጠፋም። ሰው የጣለውን ሁሉ ያነሳና "ቆይ፣ ይሄ የሚለው አለው" ይላል። ለተሰበረ ሪሞትም፣ ለበሰበሰ ግንድም ያው ነው። ክቡርነታቸው ሊቀ ቃጫ ኪዱ ቅል ውስጥ ሬዲዮ ገጥመዋል፤ የሞቱ ስልኮችን ሆድ ዕቃ በቃጫ ሸምነው አጥር ላይ ሰቅለዋል። ጉብሬ ላይ ያቆሙትን ከእንሰት ቅጠል የተሠራ አንቴና የጎረቤታቸው የሸረፋ ፍየል ሙልጭ አድርጋ በላችው። ቅር አላላቸውም። "ሥራዬን እስከ መጨረሻው ያየች የመጀመሪያዋ ተመልካች!" ብለው ፎቶ አነሷት።

አሁን ደግሞ "ተክል ውኃ ሲስብ ምን እንደሚል እንስማ" ብሎ በአክስቱ እንሰት ላይ ሽቦ ሰካ፤ ሽቦውን ከቅሉ ሬዲዮ ጋር አገናኘ። ቅሉ "እእእ… ሲጥ" አለ። በቃ! ሰው ከቡታጅራ ሳይቀር በሚኒባስ እየመጣ ስልኩን ቀስሮ ይቀርጽ ጀመር። ከፍየሏ ወዲህ ሌላ ተመልካች አግኝቶ የማያውቀው ኪዱ፣ ፊቱ እንደ ፀሐይ በራ።

ችግሩ፣ መስቀል እየቀረበ ነው፤ እንሰቱም አበባ ሊያወጣ ነው። አበባ ካወጣ ጉልበቱን ለአበባው ሰጥቶ ለቆጮ አይሆንም። እንሰቱን ሊፍቁ የተጠሩት ሴቶች መጥተው ደጅ ላይ ቆመው ቀሩ።

"እትዬ ወርቅውሃ፣ ወላሂ የሚያለቅስ እንሰት አንፍቅም!" አለች አለቃቸው ፈቲሀ።

"የሚያለቅሰው የኔ ሆድ ነው እንጂ! እንግዳ በባዶ ገበታ ልቀበል ነው?"

"የወንድምሽ ልጅ ይናገራ። እሱ አያለቅስም ካለ እንፍቃለን።"

ሁሉም ወደ ኪዱ ዞረ፤ የተቀሰረው ስልክ ሁሉ አብሮ ዞረ። ኪዱ ቅሉን እንደ ሕፃን አቅፎታል።

ወርቅውሃ አየችው። ልጅ ሳለ የተሰባበረ እንስራዋን ከቆሻሻ ለቅሞ፣ ቃጫ ጠምጥሞ "ቆይ አክስቴ፣ ይሄ የሚለው አለው" ብሎ መልሶላት ነበር። እንስራው ዛሬም ውኃ አይይዝም። ዛሬም አልጣለችውም።

"ተዉት፣ ይቅር" ልትል አፏን ከፈተች።

ቀደማት። ሽቦውን መዥረጥ አድርጎ ነቀለው።

"ውሸት ነው" አለ ኪዱ። "እንሰቱ አላለቀሰም። የሚጮኸው የላላ ሽቦ ነው። ይሄ ምንም የሚለው የለውም፤ ፋቁት።"