ስም አጣሪው ጎረቤቴ

የስም ትርጉም ካላጣራ እንቅልፍ የማይወስደው ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? እኔ እዚህ ቀበና አጥር የምንጋራው አንድ አለኝ፤ ሳምሶን ይባላል። ሚስቱ ሂሩት ሴት ልጅ በተገላገለች ሰሞን «እንኳን ማርያም ማረችሽ» ልል ብሄድ፣ እሷ አልጋዋ ላይ ሕፃኗን ታባብላለች፤ እሱ ከስልኩ ጋር ይሟገታል።

«ሊያ ልንላት ነበር» አለኝ፣ መርዶ እንደሰማ ሰው። «አንዱ ድረ ገጽ በዕብራይስጥ ‹የደከመች› ማለት ነው ይላል። ሌላው ደግሞ ‹ላም›! ልጄን ላም ብዬ ልጥራት?»

«ላም እኮ ወተት ትሰጣለች» ብዬ ላጽናናው ሞከርኩ። አልተጽናናም። «ሌላ ምንጭ ያስፈልጋል» ብሎ ወደ ስልኩ ተመለሰ። እንዲህ ያለ ጥንቃቄ ቤት ስንከራይ ቢኖረን የት በደረስን!

ሂሩት ቀና አለች። «የደከመችስ እኔ ነኝ! እሱን ስም ለእኔ ስጠኝና ልጄን እፎይታ በላት።»

ሳምሶን ፊቱ በራ፤ ስሙን ወደደው። ግን ልማድ ነውና ጣቱ ወደ ስልኩ ሄደ።

«ቆይ፣ ምንጩ ከየት ነው?»

«ከሆዴ!» አለችና ሕፃኗን አንስታ አስታቀፈችው።

ሁለት እጁ ሲያዝበት ስልኩ አልጋው ላይ ወደቀ። ጎንበስ ብሎ «እፎይታ» አላት። እሷም አዛጋች።