ሲፈን ዝም ያለችበት ፊልም

ሰው የራሱን ለቅሶ ለመስማት አልታደለም። ዕድሜ ልክህን ለእድር ከፍለህ፣ በሰው ለቅሶ ደረትህን ደቅተህ፣ ተራው ያንተ ሲሆን አንተ የለህም። ማን ከልቡ እንዳለቀሰ፣ ማን ንፍሮ ሊቅም እንደመጣ አታውቀውም። እኔ ግን አውቀዋለሁ። እዚሁ አዳማ፣ በገዛ ግቢዬ፣ ቲማቲም ተሸክሜ ሰምቼዋለሁ።

አምና ከአዲስ አበባ የመጡ ወጣቶች የጥንቱን የሚመስል፣ ሰው የማይናገርበት ፊልም እንሠራለን ብለው ሰፈራችንን ወረሩት። የጭቃ ቤቴን "ውብ ነው" አሉት፤ ጣሪያው ሲያፈስ ባዩት! ቀጥለው የልጅ ልጄን ሲፈንን ለተዋናይነት መረጧት። ሲፈን ማለት እኔ ዘንድ የምታድግ፣ አፏ እንደ ባጃጅ ሞተር ሲንደቀደቅ የሚውል የሰባት ዓመት ልጅ ናት። በአባቷ ቋንቋ "አኮ" ትለኛለች፤ አያቴ ማለቷ ነው። እሷን ለዝምታ መምረጥ ዶሮን የጥሬ ዘበኛ ማድረግ ነው። ቢሆንም ዱከም ፋብሪካ የምትሠራው እናቷ በደስታ ልትበር ደረሰች፤ እኔም ግቢዬን ፈቅጄ ገበያ ሄድኩ።

ለካ ልጅቷ ማልቀስ ነበረባት። አላለቅስ ብትል አዘጋጅ ተብዬው ጎረምሳ ጎንበስ ብሎ፣ "አያትሽን መኪና ገጭቷት ሞተች" አላት።

"አኮ ሞተች!" ብላ ጮኸች። ከአጥር ወዲያ ዘነበች ሰማች። በፍሳሽ ውሃ ተጣልተን ሰላምታ ካቆምን የቆየን ጎረቤቴ ናት፤ ነጠላዋን አዘቅዝቃ "እህቴን! እህቴን!" እያለች ከተፍ። እኔ ስደርስ የእድሩ ድንኳን እየተተከለ ነው።

"ማን ሞተ?" አልኩ ደንግጬ።

"እርስዎ" አለኝ ካስማ የሚመታው ሰውዬ፣ ቀና እንኳ ሳይል።

ነገሩ ሲገባኝ አዘጋጁን በዱላ እያሳደድኩ ያልኩትን እዚህ አልጽፈውም። "እማማ፣ ለጥበብ ብዬ ነው!" ይላል እየሸሸ። "ልጅ ማስለቀስ ጥበብ ከሆነ አለንጋ የያዘ ሁሉ ጠቢብ ነው!" ያልኩት ብቻ ለጆሮ ይሆናል። ካሜራውን ግን ማንም አላጠፋውም።

የከፋው በኋላ መጣ። እንባዋ አስደነቃቸውና ለሚቀጥለው ፊልም አዲስ አበባ ትሂድ አሉ። "እማዬ፣ ዕድሏን አትዝጊባት" አለች ልጄ። እናት እሷ ናት፤ እኔ ምን አባቴ ላድርግ? ኩሩ ነኝና አልለመንኩም። ብቻ ያ አፍ በሌለበት ቤት፣ ከጣሪያዬ ጠብታ ጋር ሳወራ ታየኝ።

ከመሄዷ በፊት አንዴ ደግማ ታልቅስ ተባለና እናቷ ፊልም ሠሪዎቹ ያረፉበት ሆቴል ወሰደቻት። ጎረምሳው ያችኑ ዘዴውን አመጣ፤ "አያትሽ አሁን የእውነት ሞተች።"

ሲፈን ከትከት ብላ ሳቀች። "አኮ ብትሞት ዘነበች እስካሁን ትጮህ ነበር" አለችው።

ውሻችንንም በወሬ ገደሉባት፤ ሳቀች። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ነዋ፤ የኔ ልጅ አንዴ ጠርጥራለች። "ተበላሽታለች" ብለው መለሱልን። እናቷ አዘነች። እኔም ፊቴን አጨፍግጌ አብሬ አዘንኩ፤ ከዚያ ጓሮ ዞሬ በሹክሹክታ እልል አልኩ።

ፊልሙ አዳራሽ ታየ። እኔም አለሁበት፤ ዱላ አንስቼ፣ አፌ ሲከፈት ሲዘጋ፣ ድምፅ የለም። የሰፈራችን ቄስ የፊት ወንበር ላይ፣ ዘነበች ከጎኔ ናቸው። ፊልሙን ድምፅ የነፈገውን ጎረምሳ መርቄ ሳልጨርስ፣ ሲፈን ወንበሯ ላይ ቆማ፣ ያን ቀን ያወረድኩትን ስድብ ቃል ሳትጥል ለአዳራሹ ታስተጋባ ጀመር።

ዝም በይ አላልኳትም።