ባሻ ነገሳ በየካ የጨው ሱቅ ደጃፍ የፈጸሙት ገድል

በ፲፱፻፶፩ ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ሉቃስ፣ ጨው ከገበያ ጠፍቶ በምጣኔ ይሸጥ በተባለ በሁለተኛው ዓመት፣ በወርኀ የካቲት፣ የእንጦጦ ባሕር ዛፍ ጠባቂ፣ የየካ ቁጡዎች ሁሉ አለቃ የሆኑት ባሻ ነገሳ ጨው ሊገዙ በማለዳ ተነሥተው ዘመቱ። ተከትለዋቸውም የወረዱት ጭራሮ የተሸከሙ ሴቶች፣ ከወሰን መንደር የመጡ ገበሬዎች፣ አህዮቻቸው፣ ደግሞም ባለቤቱ ያልታወቀ አንድ ውሻ ነበሩ።

በዚያ አገር ጨው ለመሸጥ የተፈቀደላቸው ወይዘሮ የማርያምወርቅ ብቻ ነበሩ፤ ባላቸው ሞቶባቸው ልጆቻቸውን የሚያሳድጉት በዚያች ሱቅ ነው። ባሻ ግን አይወዷቸውም ነበር፤ ጨው የሚሰፍሩበት ጣሳቸው ጎዶሎ ነው እያሉ በየሄዱበት ሲያወሩ ወሬው ከገበያው ሹም ከግራዝማች ወልደ ሐዋርያት ጆሮ ደረሰ።

ወእምዝ፣ ጨው የሚጠብቀው ሰልፈኛ ገና ከሱቁ ደጅ ቆሞ ሳለ፣ ግራዝማች ማኅተምና ሰም ያስያዙትን ዘበኛ አስከትለው መጥተው እንዲህ ሲሉ ዐወጁ፦ «የዚህ ሱቅ ጣሳ ጎዶሎ ነው ተብሏል! ፈቃዱ ታግዷል፤ በሩም ይታሸግ!» ወይዘሮ የማርያምወርቅ ሊናገሩ ቢሉ ዘበኛው ዝም አሰኛቸው፤ ፊታቸውም ዐመድ መሰለ።

ባሻ ነገሳ እጅግ ደስ አላቸው። ደስታቸው ግን ሰሙ እስኪቀልጥ እንኳ አልቆየም። ጠላታቸው አፋቸው ተይዞ ሲፈረድባቸው ማየት አንጀታቸው አልቻለም፤ እጃቸውን አንሥተው ጮኹ፦ «በሕግ አምላክ! ከሳሹ ማን ነው?»

ይህ ቃል ሲጠራ የሚሮጥ ይቆማልና ዘበኛው ባለበት ቆመ። ሰሙም በጣቱ ላይ ተንጠባጠበ፤ እሱ ግን አልተንቀሳቀሰም፤ የዚህን ዘበኛ ስም ባለማወቃችን እናዝናለን።

ግራዝማችም «ሰው ሁሉ ይላል!» ብለው ዐወጁ። በአገሩ ልማድ ግን ከሳሽና ተከሳሽ ዳኛ ፊት የሚቆሙት ልብሳቸው እርስ በርስ ተቋጥሮ ነው። ስለዚህ ባሻ መለሱ፦ «ሰው ሁሉን ከማን ነጠላ ጋር እንቋጥረዋለን? ከሳሽ ከጠፋ እኔው አለሁ! ጋቢዬን ከነጠላቸው ቋጥሩ፤ ከዚያ ይናገሩ፣ ቃላቸው ይሰማ!»

ተቋጠሩም። ዳኝነት ወደሚሰማበት ወይራ ጥላ ሲሄዱ ባሻ ፈጠኑ፣ ወይዘሮይቱ ዘገዩ፤ ጋቢው ተወጠረ፤ ሁለቱም ፊታቸውን ወዲያና ወዲህ አዙረው ቆሙ። ግራዝማች ሽማግሎችን ካስቀመጡ በኋላ ወይዘሮ የማርያምወርቅ ተናገሩ፦ «ጣሳዬን በቅሎ ረግጣዋለች፤ ጎዶሎነቱን አልክድም። ሌላ እንዲሰጡኝ ጠይቄ ነበር፤ አልመጣም። እስከዚያው ለሰው ሁሉ እፍኝ እጨምራለሁ። ለባሻ ግን አልጨምርም፤ ገና ከደጅ ሲሰድቡኝ እጄ እንቢ ይለኛል!»

ከባሻ በቀር ሰልፈኛው ሁሉ ስለ እፍኙ መሰከረ። 

ግራዝማችም ከሽማግሎች ተማክረው ፈረዱ፦ «በጎዶሎ ጣሳ አይሸጥም፤ ደኅና ጣሳ እስኪመጣ ሱቁ ይዘጋ። ፈቃዱ ግን የእሳቸው ነው፤ ማኅተም አይታተምበት!» ወይዘሮ የማርያምወርቅም በራቸውን በገዛ እጃቸው ዘግተው ቁልፉን በመቀነታቸው ቋጠሩ።

ጣሳው እስኪመጣ ድረስ የየካ ሕዝብ ጨው የሌለው ወጥ በላ፤ ባሻንም ረገመ። ባሻም ሽሯቸውን እያማረሩ በሉ። ሱቁ የተከፈተ ዕለት እንደ ልማዳቸው ከደጅ ጀምረው ሲሳደቡ ደረሱ፤ ወይዘሮ የማርያምወርቅም አዲሱን ጣሳ አፋፉ ድረስ ሞልተው ሰፈሩላቸው፤ ከዚያ በላይ አንዲት ፍሬ አልጨመሩም።

እንግዲህ የየካ ሰው ሁሉ፣ ከመገናኛ እስከ እንጦጦ ራስ፣ ባሻ ነገሳን ያመስግን! ብዙ ጀግና ለወዳጁ ጮኋል። እኚህ ግን የማይወዷቸው ሴት ቃል እንዲሰማ ጮኹ፤ ከሰሟቸውም በኋላ አልወደዷቸውም።