በስምንት ዓመት የሚበልጣቸውን ልጅ የወለዱት እትዬ ፑሽካላ

ከጡረተኛ ጄኔራል ጋር መጎራበት መከራ ነው የሚሉ ሰዎች አሉ። እነዚህ ሰዎች ከፊልም ተዋናይት ጋር ግድግዳ ተጋርተው አያውቁም። ጄኔራሉ ቢያንስ ጦርነቱ ማለቁን ያውቃል። ተዋናይቷ ግን ካሜራው የቆመው ለምሳ ነው ብላ ነው የምታምነው፤ እስኪመለስ ድረስ በጎረቤቶቿ ላይ ትለማመዳለች።

የታሚል ሲኒማ ሰዎች በሚኖሩበት በሳሊግራማም ሰፈር ደግሞ ይህን መከራ የማያውቅ ሰው የለም። እዚህ ሰፈር ድንጋይ ብትወረውር ወይ በፊልም የጀግናው ጓደኛ ሆኖ የኖረ ቀልደኛ፣ ወይ ዕድሜ ልኩን እየተደበደበ የወደቀ ወሮበላ ትመታለህ። እያንዳንዱ መንገድ አንዲት የቀድሞ ንግሥት አለችው። ለእኛ መንገድ አምላካችን ሙሩጋን ክብርት እትዬ ፑሽካላን ሰጠን። ምን እንደበደልነው እስካሁን አልነገረንም።

የውሃ ቦቴ በሚመጣበት ጠዋት እትዬ ፑሽካላ ሰገነታቸው ላይ ይወጣሉ። ከታች ሴቶቹ የፕላስቲክ እንስራቸውን ደርድረው ይጠብቃሉ። «አንቺ ባለ ቢጫ እንስራ! ወደ ኋላ! ባልሽ አለቃ የሆነው ቢሮው ነው፣ እዚህ አይደለም!» ድምፃቸው ጎርናና ነው፤ ጥርሱ የተበላ ወፍጮ በሉት። ሰልፉ በአንዴ ቀጥ ይላል። የቦቴው ሹፌር ሳይቀር ኮፍያውን ያወልቃል።

ከአትክልት ሻጩ ከቬላዩዳም ጋር ያላቸው ጉዳይ ለብቻው ሰዓት ይፈልጋል። ቬላዩዳም ጋሪውን እየገፋ ሲመጣ ያዩትና የሺፈራው ፍሬ ያነሣሉ፤ ዋጋውን ይሰሙና እንባቸው ይወርዳል። የሚወርደው በግራ ዓይናቸው ብቻ ነው፤ ካሜራ የሚቆመው በግራቸው በኩል ነበርና።

«እትዬ፣ ትናንት በቴሌቪዥን ሞተው አልነበር እንዴ?» ይላቸዋል ቬላዩዳም።

«ሞቻለሁ! ለሞተ ሰው ደግሞ ዋጋ አይጨመርም፤ ነውር ነው።»

ቬላዩዳም ይቀንሳል። ምን ያድርግ? እናቱን በልጅነቱ የቀበረ ሰው ነው፤ እሳቸውን ደግሞ በፊልም ስንት ጊዜ ቀብሯቸዋል።

የጥበብ ሕይወታቸውን ለማታውቁ በአጭሩ ልንገራችሁ። እትዬ ፑሽካላ ወደ ሲኒማ የገቡት «የወጣቶች አንበሳ» የተባለው የካርመጋም ፍቅረኛ ሆነው ነው። በመጀመሪያው ፊልም ሁለቱ አንድ የኮኮናት ዛፍ እየዞሩ ዘፈኑ። ጥቂት ዓመት አለፈና እትዬ የካርመጋም የታላቅ ወንድሙ ሚስት ሆኑ፤ ሥራቸው ሩዝ ማቅረብና «ያገባል እንጂ፣ ምን ይጠብቃል!» ማለት ሆነ። ከዚያ አንድ ቀን ጠዋት ጠጉራቸው ላይ ነጭ ቀለም ቀቧቸውና እናቱ አደረጓቸው። ያኔ ሠላሳ አምስት ዓመት አልሞላቸውም። ካርመጋም በስምንት ዓመት ይበልጣቸዋል። ሕክምና ያልደረሰበትን ወሊድ የእኛ ሲኒማ በአንድ ቆርቆሮ ቀለም ጨረሰው።

ካርመጋም እስከ ዛሬ ኮሌጅ ነው። ቦርሳ አንግቶ፣ ሰው ሠራሽ ጠጉሩን ደፍቶ፣ «እማዬ፣ አንደኛ ወጣሁ!» እያለ ወደ ቤት ይሮጣል፤ ጉልበቱ ሲንቋቋ እንዳይሰማ ከበሮ ይመታለታል። ፍቅረኛው በየዓመቱ ትቀየራለች፤ ያሁኗ የልጅ ልጁ እኩያ ናት።

«እትዬ፣ አይከፋዎትም?» አልኳቸው አንድ ቀን።

«ምን ይከፋኛል? እኔ አድጌያለሁ። እሱ ነው ትምህርቱን መጨረስ ያቃተው።»

ታዲያ አገሩ የሚያውቃቸው ፑሽካላ እኛ የምናውቃቸው አይደሉም። እትዬ የተወለዱት ወዲያ ማዶ፣ ቋንቋው ሌላ በሆነበት በኬረላ ነው፤ አላፑዣ ባሕር ዳር፣ ከዓሣ አጥማጅ ቤት። ታሚልኛቸው እስከ ዛሬ የባሕር ዳሩ ቅላፄ አልለቀቀውም። የመጀመሪያው ፕሮዲውሰር ሲናገሩ ሰማና ጆሮውን ይዞ «ፊቷን ያዙ፣ ድምፅ ከሌላ አምጡላት!» አለ አሉ። ይህ በእኛ ሲኒማ ነውር አይደለም፤ ግማሾቹ ቆንጆዎቻችን የሚናገሩት በሰው አፍ ነው። ለእትዬም ወይዘሮ ባጊራቲ ተገኙላቸው። ባጊራቲ ስቱዲዮ ውስጥ ማይክ ፊት ቆመው፣ የእትዬን ከንፈር በስክሪን እያዩ ይናገሩላቸዋል። የባጊራቲ ድምፅ ማር ነው። «ልጄ፣ በላህ?» የምትለዋን የእናት አነጋገር የማያውቅ ታሚል የለም። ባጃጅ ነጂዎች የስልክ ጥሪ አድርገዋታል። የባጊራቲ ናት።

ስለዚህ እትዬ ፑሽካላ ከመንገዳችን ከወጡ ድዳ ናቸው። የሱቅ ምርቃት ላይ ይጠራሉ፤ እጃቸውን አጋጥመው ሰላምታ ይሰጣሉ፣ ፈገግ ይላሉ፣ ሪባን ይቆርጣሉ፣ ይመለሳሉ። ሕዝቡ «እንዴት ያሉ ጭምት ናቸው!» ይላል። በማለዳው ሲጮሁ የሰማን ጎረቤቶች ሳቃችን ያንቀናል። አንዲት ሴት ቤተ መቅደስ በር ላይ እግራቸው ሥር ወድቃ «እማዬ፣ አንዴ 'ልጄ፣ በላህ' ይበሉልኝ!» ብላ ለመነቻቸው። እትዬ ጉሮሯቸውን ይዘው ጉንፋን ነው በሚል ራሳቸውን ነቀነቁ። ይኸው ጉንፋን ከያዛቸው አርባ ዓመት ሊሞላው ነው።

ከባጊራቲ ጋር አይነጋገሩም። ባጊራቲ በየመድረኩ «ያንን ሁሉ ልቅሶ ያለቀስኩት እኔ ነኝ» ይላሉ ይባላል። እትዬ ይህን ሲሰሙ «እንባው የማን ነው ታዲያ? የቧንቧ ነው?» ይላሉ። በዚህ ጉዳይ የሁለቱም ደጋፊ ነኝ፤ ይህን የምለው ግን እትዬ በማይሰሙበት ነው።

ባለፈው ዓመት ዝናብ ሊገባ ሲል የቤቴ በር በጡጫ ተደበደበ።

«አንተ ወረቀት አባካኝ! ክፈት!»

በሳምንታዊ መጽሔት ላይ ስለምጽፍ የሚጠሩኝ እንዲህ ነው። ከፈትኩ። እትዬ በባዶ እግራቸው ቆመዋል።

«በራሴ ድምፅ!» አሉ።

«ምኑ ነው በራስዎ ድምፅ?»

«ፊልሙ ነዋ! ኢኒያን የሚባል አንድ ልጅ እግር ዳይሬክተር መጥቶ ነበር። ባሕሩ ዳር ነው የሚቀርጸው፤ ድምፁንም እዚያው ይይዛል። ባጊራቲ የለች፣ ማንም የለ። 'እትዬ፣ እኔ የምፈልገው የውሃ ሰልፍ የሚያሰልፉበትን ድምፅ ነው' አለኝ!»

«ሕዝቡ ምን በደለው?» አልኩ፤ የለመደብኝ አፍ ነው።

አልሳቁም። ደረጃው ላይ ተቀመጡ። «ስማኝ» አሉ፣ «አንዴ እንኳ በራሴ አፍ ሳልናገር ብሞት፣ ያ ሁሉ ሰው የሚያለቅሰው ለባጊራቲ ነው። እኔን ማን ያውቀኛል? ሬሳዬን ነው የሚያውቁት።»

ገብቼ ውሃ አመጣሁላቸው።

ፊልሙ የአንዲት ዓሣ አጥማጅ እናት ታሪክ ነው። ልጇን ባሕር ይበላውና አስከሬኑን አሸዋ ላይ ያስተኙላታል። እሷም ሞቱን አልቀበል ብላ፣ ጭንቅላቱን ጭኗ ላይ አድርጋ፣ ተነሥና ብላ ትለዋለች። በቃ ይቺው ናት ትልቋ ቦታ። እትዬ ይቺን ቦታ በግድግዳው ወዲያ ከቁርስ እስከ እራት ይለማመዷታል። «ተነሥ እንጂ! የዓሣ ወጡ ቀዘቀዘ!» ሚስቴ ማንጋይ ዓሣ መሥራት አቆመች። የሰፈሩ ልጆች እርስ በርስ ለኳስ ሲጠራሩ እንኳ «ተነሥ እንጂ! ወጡ ቀዘቀዘ!» ማለት ጀመሩ። እኔም በመጽሔቴ ላይ በምጽፈው ዓምድ ስም ሳልጠራ ሁለት ጊዜ አማኋቸው።

ባሕሩ ዳር ተቀርጸው ሲመለሱ ፀሐይ አጥቁሯቸው፣ እንደ ሙሽራ እየሳቁ ነበር። «አለቀሱ! ካሜራ ያዡ ሳይቀር አለቀሰ!» አሉን።

ፊልሙ ለሕዝብ ከመውጣቱ በፊት ለአከፋፋዮች ታየ። የሆነውን ስሙ እንግዲህ። አከፋፋዮቹ አይተው ሲጨርሱ ተቆጡ። «ይቺን የመሰለች አንጋፋ ተዋናይት ምነው የሌላ ሰው ድምፅ ለጠፋችሁባት? ይሄ የማን ቁራ ነው? የራሷን ድምፅ መልሱላት!» አሉ። ኢኒያን የራሳቸው ነው ቢል፣ ቢምል፣ ቢገዘት ማን ይስማው! «አርባ ዓመት የሰማነውን ድምፅ አንተ ልታስተምረን ነው?» አሉት። ፕሮዲውሰሩም ደነገጠ። ወይዘሮ ባጊራቲ ተጠሩ፣ ስቱዲዮ ገቡ፣ ከምሳ በኋላ ጀምረው ሳይመሽ ጨረሱት። እትዬ ፑሽካላ የራሳቸው ድምፅ ተመለሰላቸው።

ኢኒያን ሊነግራቸው ሲመጣ ቀና ብሎ ማየት አልቻለም። እትዬ እስኪጨርስ ሰሙት። ከዚያ አሬራ ቀድተው ሰጡት። «ጠጣ፣ ፊትህ ገርጥቷል» አሉት፤ በቃ።

ከዚያ ወዲህ በግድግዳው ወዲያ ጸጥ አለ። ቦቴው ሲመጣ ሰገነቱ ላይ ማንም አልወጣም፤ ባለ ቢጫ እንስራዋና ባለ ሰማያዊዋ ተያይዘው ውሃው መንገድ ላይ ፈሰሰ። ቬላዩዳም የሺፈራውን ዋጋ ሲናገር እትዬ ሳያለቅሱ ከፈሉት። ሰውዬው ደንግጦ፣ ዋጋውን ራሱ ቀንሶ መልስ ሰጣቸው። እኔስ ብትሉ፣ ስንት ዓመት «ምነው ዝም ባሉልን» ስል የኖርኩት ሰውዬ፣ ጆሮዬን ግድግዳው ላይ አስጠግቼ ተገኘሁ። ናፈቁኝ። እዚያው አጠገቤ ተቀምጠው ናፈቁኝ።

ፊልሙ የወጣ ቀን መላው መንገድ በጠዋቱ ትርኢት አዳራሹን ሞላው። እትዬ አልመጣም ይላሉ ብለን ነበር፤ አረንጓዴ ሐር ሳሪያቸውን ለብሰው፣ ጠጉራቸው ላይ ጃስሚን ሰክተው መጡ። እኔና ማንጋይ መካከል ተቀመጡ፤ በሻሽ ተሸፋፍነው ስለነበር ከመንገዳችን ሰው በቀር ማንም አላወቃቸው። ስማቸው በስክሪኑ ላይ ሲወጣ ፉጨቱ ቀለጠ፣ የወረቀት ብጥስጣሽ እንደ ዝናብ ወረደብን።

ያቺ ቦታ ደረሰች። አስከሬኑን አሸዋው ላይ አስተኙት። በስክሪኑ ላይ ያሉት እትዬ ጎንበስ አሉ፣ አፋቸውን ከፈቱ፣ የባጊራቲ ማር ወረደ። ሰዉ መንሰቅሰቅ ጀመረ። ዞር ብዬ ሳይ አጠገቤ ያሉት እትዬ ከንፈራቸው አብሮ ይንቀሳቀሳል፤ ድምፅ የለውም። ወዲያው ብድግ አሉ።

«ተነሥ እንጂ!» አሉ፣ በዚያ በጎርናና ድምፅ።

ከኋላ አንዱ ጮኸ፦ «ማናት ይቺ? አሮጊቷን አስቀምጡልን! ፑሽካላን እንስማበት!»

«ቁራ!» አለ ሌላው። አዳራሹ ሳቀ፤ ፉጨት ተጨመረበት።

«እሳቸው ናቸው! ፑሽካላ ናቸው!» ብዬ ጮህኩ፤ ሳቁ ብሶ ቁጭ። እትዬ አልተቀመጡም። ፊት ለፊታቸው ያለው የወንበር ጀርባ ብቻ ነው። እጃቸው ልጁን ፈለገ፤ የለም። አፋቸው ተከፍቶ ቀረ። እኚህ ሴት ቃል ሲጠፋባቸው ያየሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው፤ አይቼ ማለፍ አልቻልኩም።

ምን እንደነካኝ እንጃ። ሁለት ሴት ልጅ የዳርኩ ሰውዬ፣ የተተኮሰ ነጭ ሽርጤን እንደለበስኩ መተላለፊያው ላይ ወጥቼ፣ በወረቀቱና በኦቾሎኒው ልጣጭ ላይ በጀርባዬ ተዘረርኩ።

«በሙሩጋን! ምን ሆነሃል?» አለች ማንጋይ።

«ሞቻለሁ» አልኳት።

እትዬ መጥተው ተንበረከኩ። ጭንቅላቴን አንሥተው ጭናቸው ላይ አደረጉት። ሻሹ ወደቀ። «ተነሥ እንጂ» አሉ፤ አሁን አልጮሁም። «ተነሥ። ሩዙን አወጣሁልህ። የዓሣ ወጡ ቀዘቀዘ። እናትህን ደጅ ታስጠናለህ?» ይህን ድምፅ በግድግዳ ስንት ጊዜ ሰምቼ ረግሜዋለሁ። ቀርቦ ሲሰማ፣ ጀልባዋ ያልተመለሰላት ሴት ማዕበሉን አልፋ የምትጠራበት ድምፅ ነው። ከስክሪኑ ባጊራቲ አሁንም ያለቅሳሉ፤ የሚሰማቸው ግን የለም። ሰዉ ወንበር ላይ እየቆመ ወደ እኛ ያይ ነበር። ቁራ ያለውም ሰው አንገቱን አስግጎ ቆሟል። «ኧረ እሳቸው ናቸው…» አለች አንዲት ሴት ከፊት፣ «ፊታቸውን እዩት፤ እሳቸው ናቸው እኮ!»

እኔ ዓይኔን እንደጨፈንኩ እንባዬ በጆሮዬ በኩል ይወርዳል። ልቆጣጠረው ብል አልሆነልኝም። እትዬ ፑሽካላ ጎንበስ ብለው ጆሮዬ ሥር፦

«ሬሳ አያለቅስም፣ አንተ ደደብ» አሉኝ።

ሹክሹክታ አይችሉበትም። እስከ መጨረሻው ወንበር ድረስ ተሰማ።